«ይህ የምን ሥዕል ነው?»

በአንድ ሥዕል ፊት በቆማችሁ ጊዜ ከአፋችሁ ቀድሞ የሚወጣው ቃል ምንድን ነው? የእኔን ልንገራችሁና የእናንተን እናንተው መርምሩ። አብዛኛዎቻችን «ይህ የምን ሥዕል ነው?» ብለን እንጠይቃለን። «የዛፍ ነው» ወይም «የንጉሥ ነው» የተባለ እንደ ሆነ ራሳችንን ነቅነቅ አድርገን እናልፋለን። መልስ ያልተገኘ እንደ ሆነ ደግሞ «የዛሬ ሠዓሊዎች እኮ ሆን ብለው ሰው እንዳይገባው አድርገው ነው የሚሥሉት» ብለን ፈገግ እንላለን። ጥያቄው የዋህ ይመስላል፤ ማንንም የሚጎዳ አይመስልም። እኔ ግን በዚህ ጥያቄ አንዲት ተማሪዬን ስለ ጎዳሁ፣ የዛሬው ጽሑፌ በእርሱ ላይ እንዲሆን ወስኛለሁ።

የማስተምረው በዋግ ኽምራ፣ በጋዝጊብላ ወረዳ ነው። አገሩን ለማታውቁት፣ ጋዝጊብላ ከሰቆጣ በስተደቡብ ወደ ላስታ በሚወስደው በኩል የሚገኝ ደጋ ነው፤ ዋና ከተማው አስከተማ ይባላል። ገብስና ባቄላ የሚዘራበት፣ በግ የሚረባበት፣ ጠዋት ጠዋት ብርዱ ጣት የሚያደነዝዝበት አገር ነው። ሰዉ አማርኛም ኽምጣንጋም ይናገራል። ትምህርቴን ጨርሼ ወደዚህ ስመደብ ሃያ አራት ዓመቴ ነበር። በሻንጣዬ ውስጥ ስለ ሥነ ጥበብ የሚናገሩ ሁለት መጻሕፍት ነበሩኝ፤ በልቤ ውስጥ ደግሞ «ለእነዚህ ልጆች ውበት ምን እንደ ሆነ አሳያቸዋለሁ» የሚል አሳብ ነበረኝ። አሳቡ ትዕቢት መሆኑን ያወቅሁት ዘግይቼ ነው።

የማስተምረው ታሪክ ቢሆንም፣ ሌላ ፈቃደኛ ስላልተገኘ የሥነ ጥበብ ክበቡን እንድመራ ተሰጠኝ። የወላጆች ቀን ሲቃረብ ተማሪዎቹን ሰብስቤ «ያማረ የምትሉትን ነገር ሥላችሁ አምጡ፤ በግድግዳ ላይ ሰቅለን ለወላጆች እናሳያለን» አልኋቸው። ሠላሳ ያህል ወረቀት መጣልኝ። በጣም የበዛው አውሮፕላን ነበር። ቀጥሎ በስልክ ካዩት ፎቶግራፍ የተገለበጠ ባለብዙ ፎቅ ሕንፃ፣ ቀጥሎ በብልቃጥ ውስጥ የተሰካ አበባ ነበረ። በጋዝጊብላ አበባን በብልቃጥ የሚሰካ ሰው እስከ ዛሬ አላየሁም። የገዛ ቤቱን፣ የገዛ ተራራውን ወይም የእናቱን እጅ የሣለ አንድም አልነበረም። እኔም ይህ ነገር አላስደነቀኝም፤ እንዲያውም አውሮፕላኑ አውሮፕላን ስለ መሰለ ደስ ብሎኝ ነበር።

ከወረቀቶቹ መካከል አንዱ ግን ከሌሎቹ ሁሉ የተለየ ነበር። በመካከሉ አንዲት ትንሽ ክብ ነበረች፤ በዙሪያዋ ሌላ ክብ፣ በዚያም ዙሪያ ሌላ፣ እንዲሁ እስከ ወረቀቱ ጠርዝ ድረስ ይሰፋል። ክቦቹ በቀይ፣ በአረንጓዴና በጥቁር እስክርቢቶ እንደ መጋዝ ጥርስ ተከፋፍለዋል። ያመጣችው ልጅ በክፍል ውስጥ ድምፅዋ የማይሰማ፣ በኋለኛው ወንበር የምትቀመጥ ተማሪ ናት። ወረቀቱን ከፍ አድርጌ በጓደኞቿ ፊት «ይህ የምን ሥዕል ነው?» ብዬ ጠየቅኋት። ዝም አለች። ደግሜ ጠየቅሁ። «የምንም አይደለም» አለች። ክፍሉ ሳቀ። እኔም «እንግዲያውስ የአንድ ነገር ሥዕል ሥለሽ አምጪ» ብዬ ወረቀቱን በደብተሬ መካከል አስገባሁት። የወላጆች ቀን ሲደርስ አውሮፕላኖቹ ሁሉ ተሰቀሉ፤ የእርሷ ግን አልተሰቀለም። ከዚያን ቀን ጀምሮ ወደ ክበቡ አልመጣችም።

ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ታናሽ ወንድሟ ከትምህርት ቤት ስለ ቀረ ምክንያቱን ለመጠየቅ ወደ ቤታቸው ወጣሁ። እናትየዋ በድንጋይ ከታነጸው ክብ ቤት ደጃፍ ላይ ተቀምጠው ሲሰፉ አገኘኋቸው። «መምህር፣ ይግቡ እንጂ፤ ደጅ ብርድ ነው» ብለው ተነሡ። ገብቼ ተቀመጥሁ፤ ቡናው ተጣደ። ዓይኔ ጨለማውን ሲለምደው በግድግዳው ላይ የተሰቀሉትን ስፌቶች አየሁ። ሰፌዱ፣ ገበታው፣ አገልግሉ፣ ሁሉም በየፈርጁ ተሰቅሏል። ከመካከላቸው አንዱ ገበታ በቀይ፣ በአረንጓዴና በጥቁር ጥርስ የተከፋፈለ፣ ከመካከሉ ጀምሮ እየሰፋ የሄደ ነበር። ደብተሬን ከፈትሁ። ወረቀቱ እንደ ታጠፈ እዚያው ነበረ።

ለእናትየዋ ሰጠኋቸው። «ይህ የምን ሥዕል ነው?» ብለው አልጠየቁም። ወረቀቱን ወደ ደጃፉ ብርሃን አስጠግተው፣ በጣታቸው ጫፍ ከመካከሉ ጀምረው ዙሩን እየተከተሉ ይቆጥሩ ጀመር። ረጅም ጊዜ ወሰደባቸው። በመጨረሻም ጣታቸውን በአንድ ቦታ ላይ አቁመው፣ «እዚህ ላይ አንድ ጥርስ ጎድሏል። እንዲህ ከተሰፋ መጨረሻው ከመጀመሪያው ጋር አይገጥምም» አሉ። ልጅቱም ከምድጃው አጠገብ ሆና፣ ቀና ሳትል፣ «አውቄያለሁ እማ። ለዚህ ነው በወረቀት የሞከርሁት። ቀለም የገባው አክርማ በከንቱ እንዳያልቅ ብዬ ነው» አለች።

አንባብያን ሆይ! እኔ ባዶ ነው ያልሁት ወረቀት ከእናቷ ጥለት የወጣ፣ ነገር ግን ከእርሱ የተለየ የራሷ ንድፍ ነበር። ስሕተቱ በየትኛው ዙር ላይ እንዳለ ታውቅ ነበር። እናቷም አላሞገሷትም፤ እንደ ባለሙያ ነቀፏት። ሥራዋን አይቶ ሊፈርድ የሚችል ሰው በዚያ ቤት ውስጥ ነበረ። ያልቻልሁት እኔ ነበርሁ። «የምንም አይደለም» ያለችውም እውነቷን ነው፤ የምንም ሥዕል አልነበረም፤ ራሱ ነገሩ ነበር።

ስፌት ሲሰፋ ተቀምጦ ላላየ ሰው ነገሩን ባጭሩ ላስረዳ። ሴቶቹ ስንደዶውንና አክርማውን የሚለቅሙት ክረምቱ ወጥቶ አዲስ ዓመት ሲገባ ነው። አክርማው ተሰንጥቆ ቀለም ይነከራል። ከዚያም ከእምብርቱ ተነሥተው በስንደዶው እግር ላይ አክርማውን እየጠመጠሙ፣ በወስፌ እየወጉ፣ ዙር በዙር ላይ ይሰፋሉ። ችግሩ ያለው እዚህ ላይ ነው። ክቡ በሰፋ ቁጥር የሚያስፈልገው የስፌት ቁጥር ይጨምራል። ስለዚህ ሰፊዋ በየዙሩ ምን ያህል መጨመር እንዳለባት፣ ቀዩ የት ላይ ለአረንጓዴው ቦታ መልቀቅ እንዳለበት በአሳቧ መያዝ አለባት። አንድ ስፌት ከተሳሳተች ስሕተቱ በዚያው አይቀርም፤ እየሰፋ ሄዶ በመጨረሻው ዙር ጥለቱ ሳይገናኝ ይቀራል። ይህን ሁሉ የምትሠራው ንድፍ በወረቀት ሳትነድፍ ነው። ይህ ሒሳብ ካልሆነ ሒሳብ ምን እንደ ሆነ አላውቅም።

እንግዲህ እኔ ዓይን ሳለኝ ያላየሁት ለምንድን ነው? ወደ ቤቴ ስመለስ በመንገድ ሁሉ ያሰብሁት ይህንኑ ነበር። ኋላ ግን ሳነብ አንድ ነገር አገኘሁ፤ ለእናንተም ይጠቅማል ብዬ አካፍላችኋለሁ።

የሰው ዓይን እንደ ፎቶግራፍ መሣሪያ ሁሉን ባንዴ አጥርቶ አያይም። አጥርቶ የሚያየው እጃችንን ዘርግተን የአውራ ጣታችንን ጥፍር ብንመለከት በምታህል ጠባብ ቦታ ብቻ ነው፤ የቀረው ሁሉ ድንግዝግዝ ነው። ስለዚህ ዓይናችን በአንድ ሰከንድ ውስጥ ሦስት ጊዜ ያህል እየዘለለ እዚህም እዚያም ያርፋል፤ አእምሮአችንም ቁርጥራጩን ይሰፋዋል። በሶቪየት ኅብረት ዘመን አልፍሬድ ያርቡስ የሚባል ሳይንቲስት ይህን የዓይን ዝላይ በዓይን ላይ በሚለጠፍ ትንሽ መሣሪያ እየመዘገበ ያጠና ነበር። መጽሐፉ እ.ኤ.አ. በ1967 በእንግሊዝኛ ታትሟል። በኢልያ ሬፒን የተሣለ፣ አንድ ሰው ከብዙ ጊዜ በኋላ ሳይጠበቅ ወደ ቤተ ሰቡ ሲገባ የሚያሳይ ሥዕል ነበር። ያርቡስ ይህንኑ ሥዕል ለአንድ ሰው ደጋግሞ ያሳየዋል፤ በየጊዜው ግን ጥያቄውን ይለውጥበታል። «የሰዎቹን ዕድሜ ገምት» ሲለው ዓይኑ ከፊት ወደ ፊት ይዘላል። «ቤተ ሰቡ ሀብታም ነው ወይስ ድኻ?» ሲለው ወደ ዕቃውና ወደ ልብሱ ይሄዳል። ሥዕሉ ያው ነው፤ ተመልካቹም ያው ነው፤ የተለወጠው ጥያቄው ብቻ ነው። ዓይኑ የሄደበት መንገድ ግን ፈጽሞ ሌላ ሆነ።

እንግዲህ የዛሬው ነገሬ ፍሬው ይህ ነው፦ ዓይን የሚያየው የተጠየቀውን ነው። የእኔ ዓይን የተጠየቀው «ይህ ምንን ይመስላል?» ነበርና የሚመሰለውን ሲያጣ አንዳች አላየም። የእናትየዋ ዓይን የተጠየቀው «ይገጥማል ወይስ አይገጥምም?» ነበርና የጎደለችውን አንዲት ጥርስ አገኘ።

አባቶቻችንና እናቶቻችን ለየነገሩ የየራሱን ጥያቄ ያውቁ ነበር። ወደ ቤተ ክርስቲያን ስትገቡ የመቅደሱን ግድግዳ ተመልከቱ። በአገራችን የቆየ የአሣሣል ልማድ ጻድቁ ሰው ሁለቱም ዓይኖቹ እንዲታዩ ሆኖ ይሣላል፤ ክፉው ሰው፣ ጋኔኑና ከሐዲው በጎን ተሥሎ አንድ ዓይኑ ብቻ ይታያል። ይህን የሚያውቅ ገበሬ ፊደል ባይቆጥርም ግድግዳውን ያነበዋል። እርሱ የሚጠይቀው «ይህ ማን ነው? ከማን ወገን ነው?» ብሎ ነው። «ሠዓሊው የጎን ፊት እንዴት እንደሚሣል ስላላወቀ ነው» የምንለው እኛ የተማርነው ነን፤ ምክንያቱም የምንጠይቀው ሌላ ጥያቄ ነው።

ጥያቄው ሲለያይ ጠብም ይነሣል። በዐሥራ አምስተኛው መቶ ዓመት ኒኮሎ ብራንካሌዎን የሚባል የቬኒስ ሠዓሊ ወደ አገራችን መጥቶ ብዙ ዓመት ኖሯል። በኋላ ዘመን ጸሐፊዎች እንደ ተረኩት፣ ይህ ሰው እመቤታችንን ልጇን በግራ ክንዷ እንዳቀፈች አድርጎ ቢሥል ብዙ ሰው ተቈጣ ይባላል። በእርሱ አገር እንዲህ መሣል የተለመደ ነበር፤ ሠዓሊው የተጨነቀው ለፊቷ ለዛና ለልብሷ እጥፋት ይሆናል። በእኛ አገር ግን ቀኝ የክብር፣ ግራ የውርደት ወገን ነው፤ ተመልካቹ የጠየቀው «ጌታን በየትኛው እጅ ያዘችው?» ብሎ ነው። ሁለቱም ወገን አንድ ሥዕል ተመለከቱ፤ ያዩት ግን ሁለት ሥዕል ነበር።

አሁን ደግሞ ወደ ዘመናችን ሥዕል እንምጣ፤ አንባብያን ብዙ የሚከራከሩበት እዚህ ላይ ነውና። አፈወርቅ ተክሌ በአዲስ አበባ የአፍሪካ አዳራሽ የሠራቸውን የመስታወት መስኮቶች ታውቋቸዋላችሁ። አዳራሹ የተመረቀው በ1953 ዓ.ም. ነው፤ መስኮቶቹ ሦስት ሲሆኑ 150 ካሬ ሜትር ያህል ይሸፍናሉ፤ የአፍሪካን ያለፈ ጊዜ፣ የአሁኑንና የሚመጣውን ያሳያሉ። በእነርሱ ፊት የቆመ ሰው «ይህ የምን ሥዕል ነው?» ቢል መልስ ያገኛል፤ ስለዚህ ብዙ ሰው ሳይቸገር ይወዳቸዋል። ገብረ ክርስቶስ ደስታ ግን ሌላ መንገድ ያዘ። እርሱ በሐረር የተወለደ፣ አባቱ አለቃ ደስታ የብራና መጻሕፍትን የሚጽፉና የሚያስጌጡ ሊቅ ነበሩ። በጀርመን አገር በኮሎኝ ከተማ ሥዕል ተምሮ ሲመለስ፣ አለ ፈለገ ሰላም በ1950 ዓ.ም. ባቋቋሙት የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ያስተምር ጀመር። ከሥዕሎቹ መካከል ሰውም ዛፍም የማይታይባቸው፣ ቀለምና ቅርፅ ብቻ የሆኑ ነበሩ። ያን ጊዜ ከብዙ ተመልካች የደረሰበት ነቀፋ ሁለት ነው፦ «አይገባም» እና «ኢትዮጵያዊ አይደለም» የሚል።

ሁለተኛውን ነቀፋ ቆም ብለን እንመርምረው። የምንም ሥዕል ያልሆነ ውበት በእውነት ለእኛ እንግዳ ነውን? የነጠላችሁን ጥለት ተመልከቱ፤ የምን ሥዕል ነው? በካህኑ እጅ ያለው መስቀል ላይ የተጠላለፈው ሐረግ የምን ሥዕል ነው? በብራናው መጽሐፍ ራስጌ ላይ የሚሳበው ሐረግ፣ አለቃ ደስታን የመሰሉ ሊቃውንት የደከሙበት፣ የምን ሥዕል ነው? ከእኛ ወረዳ በስተደቡብ፣ በላስታ ተራሮች፣ በዋሻ ውስጥ ያለውን የይምርሐነ ክርስቶስን ቤተ ክርስቲያን ያየ ሰው ያውቃል። በዐሥራ ሁለተኛው መቶ ዓመት በዛጔ ነገሥታት ዘመን የታነጸ ነው። ግድግዳው አንድ ረድፍ ጥቁር እንጨት፣ አንድ ረድፍ ነጭ ልስን እየሆነ ወደ ላይ ይወጣል፤ ጣሪያው በእንጨት ተከፋፍሎ በልዩ ልዩ ቅርፅ ጌጥ ተሞልቷል። ከሥሩ የቆመ ምእመን ቀና ብሎ ይደነቃል እንጂ «ይህ የምን ሥዕል ነው?» አይልም።

እንግዲህ ነገሩ እንዲህ ነው። በወገባችን የምንታጠቀውን፣ የምንሳለመውን፣ እንጀራ የምንበላበትን ውበት ያለ አስተርጓሚ እንወደዋለን። ያው ውበት በሸራ ላይ ሆኖ በግድግዳ ሲሰቀል ግን «አልገባኝም» እንላለን። የገብረ ክርስቶስ ሥዕል ለእናቶቻችን ስፌት የሩቅ እንግዳ አልነበረም፤ የሐረግ ሳይ ልጅ ነበር። ጥያቄያችን ነው ያራቀው። እርሱም በ1973 ዓ.ም. ከአገሩ ርቆ በአሜሪካ ዐረፈ፤ ዛሬ በአዲስ አበባ ስድስት ኪሎ በስሙ የተሰየመ ቤተ መዘክር አለ። በሕይወቱ ሳለ የተነፈገውን አስተዋይ ዓይን ከሞቱ በኋላ ብንሰጠው፣ ዘገየ እንጂ ከንቱ አይሆንም።

በዚህ ቦታ አንዳንድ ብልኅ አንባቢ «እንግዲያውስ የገጠር ሴት ሁሉ የዘመናዊ ሥዕል ሊቅ ናት ልትለን ነው?» ብሎ ሊያፌዝብኝ ይችላል። አይደለም። ነገሩን ሞክሬዋለሁና ውጤቱን ሳልሸሽግ ልንገራችሁ። ወደዚያ ቤት ሁለተኛ ጊዜ ስሄድ ከገብረ ክርስቶስ ሥዕሎች መካከል ሰውም ዕቃም የሌለበትን አንዱን በስልኬ ለእናትየዋ አሳየኋቸው። ስልኩን ወዲያም ወዲህም እያዞሩ ረጅም ጊዜ ተመለከቱት። «እንዴት ያምራል» ይሉኛል ብዬ ነበር። እርሳቸው ግን «ከየት እንደ ጀመረው አላገኘሁትም» ብለው መለሱልኝ። አልወደዱትም፤ አልጠሉትምም። በስፌት ሁሉ ነገር ከእምብርት ይጀምራልና እምብርቱን ፈለጉ፤ አጡት። እኔ ግን ያንን ሥዕል በኮሌጅ ሳለሁ በመጽሐፍ አይቼው ነበር፤ የሠዓሊውን ስምና የተማረበትን አገር ለፈተና በቃሌ ይዤ ነበር፤ «ከየት ጀመረው?» ብዬ ግን አንድ ቀን እንኳ ጠይቄ አላውቅም። የትኛችን ይበልጥ እንዳየን እናንተ ፍረዱ።

እንዲሁም «ውበት እንደ ተመልካቹ ነው፤ ሁሉም ትክክል ነው» የሚለውን ተረት እንድትቀበሉ አልመክርም። እናትየዋ እንዲህ አይሉም። ለእርሳቸው የሚገጥም ስፌትና የማይገጥም ስፌት አለ፤ ጎረቤት መጥቶ የሚስቅበት ስፌትም አለ። ውበት ሕግ አለው፤ ነገር ግን ሕጉ በየሥራው የተለያየ ነው። የስፌትን ሕግ ይዞ ወደ ቤተ ክርስቲያን ሥዕል የሄደ ይሳሳታል፤ የፎቶግራፍን ሕግ ይዞ ወደ ስፌት የሄደም እንደ እኔ ይሳሳታል። ዳኛ ከመፍረዱ በፊት ነገሩ በየትኛው ሕግ እንደሚዳኝ መመርመር አለበት።

ይህን የምጽፈው በተለይ ለእናንተ ለተማሪዎችና በየጽሕፈት ቤቱ ለምትሠሩ ወጣቶች ነው። እኛ አስቸጋሪ በሆነ ቦታ ላይ ቆመናል። የእናቶቻችንን ዓይን በትምህርት ቤት ደጃፍ ላይ ትተነው ገባን፤ የሠዓሊዎቹን ዓይን ደግሞ ገና አላገኘንም። ስለዚህ ደመወዝ ስናገኝ የምንከራያትን ክፍል በፕላስቲክ አበባ እናስጌጣለን፤ ከቤት የተላከልንን አገልግል ግን «እንግዳ ያየዋል» ብለን ከአልጋ ሥር እንገፋዋለን። ይህን በሌላ ሰው አላመካኝም፤ የእኔው አገልግል አንድ ዓመት ሙሉ ከአልጋ ሥር ነበረ። ተማሪዎቼ ያማረ ነገር ሲባሉ አውሮፕላን የሣሉት ከየት ተምረው ይመስላችኋል? ከእኛ ነው። የመምህራቸው ዓይን ወዴት እንደሚያይ ልጆች ሳይነገራቸው ያውቃሉ።

ታዲያ ምን ይሻላል? ገንዘብ የማይጠይቁ ሦስት ነገሮችን ልምከራችሁ።

መጀመሪያ፣ ቆዩ። በኒው ዮርክ በሚገኘው በታላቁ በሜትሮፖሊታን ቤተ መዘክር ሁለት ተመራማሪዎች ሰው በአንድ ሥዕል ፊት የሚቆምበትን ጊዜ ለክተው፣ እ.ኤ.አ. በ2001 ባሳተሙት ጥናት በአማካይ 27 ሰከንድ ያህል ሆኖ እንዳገኙት ጽፈዋል። ከሩቅ አገር ድረስ ተጉዘው የሚያዩት ሰዎች እንኳ እንዲህ ናቸው! እናንተ አምስት ደቂቃ ቁሙ። ዓይን በጠባብ ቀዳዳ እየዘለለ የሚያይ ከሆነ ጊዜ ካልሰጣችሁት ምኑን ከምኑ ይሰፋዋል?

ሁለተኛ፣ ጥያቄያችሁን ለውጡ። «የምን ነው?» ብላችሁ ከጠየቃችሁ በኋላ አትሂዱ። «ከየት ተጀመረ? ዓይኔን ወዴት ይመራዋል? ምን ቢነሣ ይፈርሳል?» ብላችሁ ጨምሩ። ከሰቆጣ ወጣ ብሎ የሚገኘውን ውቅር መስቀለ ክርስቶስን ለማየት የሄደ እንደ ሆነ፣ «ስንት ዓመቱ ነው?» ብሎ መልሱን በደብተሩ ጽፎ የሚመለስ ጎብኚ ብዙ ነው። እኔም አንዱ ነበርሁ። እስቲ በሚቀጥለው ጊዜ «ጠራቢው ከየት ጀመረ?» ብላችሁ ቁሙ። ከዐለት በሚፈለፈል ቤት የሚጨመር ድንጋይ የለም፤ ሁሉም መቀነስ ነው። አንድ ጊዜ በስሕተት የተቆረጠ አይመለስም። ይህን ባሰባችሁ ጊዜ በፊቱ ላይ የተቀረጸው ጌጥ ሁሉ ሌላ ሆኖ ይታያችኋል።

ሦስተኛ፣ የሠራውን ሰው አነጋግሩ፤ ነገር ግን ለማስተማር አትቸኩሉ። ሸማኔውን ጥለቱ የት ላይ እንደሚያስቸግረው ጠይቁት። የእናታችሁን እጅ ተመልከቱ። ቃላቸው ከመጽሐፋችሁ ቃል ጋር ላይገጥም ይችላል፤ ቃል ስላጡ ግን ዕውቀት የላቸውም አትበሉ። ተማሪዬ «የምንም አይደለም» ስትል ቃል አጥታ ነው እንጂ አሳብ አጥታ አልነበረም።

የልጅቱስ ነገር እንዴት ሆነ ትሉኝ ይሆናል። በክፍል ፊት እንዳሳፈርኋት ሁሉ፣ በክፍል ፊት «ተሳስቻለሁ፤ ያሳቅሁባችሁ ሥራ እኔ ያላወቅሁት ጥበብ ነው» ብዬ ተናገርሁ። ይቅርታ መጠየቅ ለአንድ ወጣት መምህር ቀላል አይደለም፤ ነገር ግን ክፍሉ ይህን ጊዜ አልሳቀም። ወረቀቷን በመስታወት አድርጌ በግድግዳ ላይ እንድሰቅለው እንድትፈቅድልኝም ጠየቅኋት። እርሷ ግን፣ «አይ መምህር፤ እፈልገዋለሁ፤ ገና እየቆጠርሁበት ነው» ብላ ከእጄ ተቀበለችኝ። ወደ ክበቡ እስከ ዛሬ አልተመለሰችም፤ እንድትመለስም አላስገድዳትም። የተሰበረ ልብ እንደ ስፌት ወዲያው ተፈትቶ እንደገና አይጀመርም።

በመስከረም፣ ሜዳው በአደይ በተሸፈነ ጊዜ፣ ከእኩዮቿ ጋር ስንደዶ ስትለቅም በመንገድ አገኘኋት። «ዘንድሮ ይገጥማል?» ብዬ ጠየቅኋት። ጥቂት አሰበችና «ስድስተኛውን ዙር ካለፍሁ ይገጥማል» አለችኝ።

እናንተም አንባብያን ሆይ፣ ዛሬ ማታ ወደ ቤታችሁ ስትገቡ ከአልጋ ሥር ያለውን አገልግል አውጡትና አቧራውን አራግፉ። ከእምብርቱ ጀምራችሁ በጣታችሁ ዙሩን ተከተሉ። ምን እንዳያችሁ ጽፋችሁ ብትልኩልኝ በደስታ አነበዋለሁ። ለሚቀጥለው እስክንገናኝ ደኅና ሁኑ።